አፎት ወይስ ገበር? የአንዲት የመንዝ ፈታይ የእጅ አንጓ ሕመም

«ስሬ ዞሯል።» በታካሚዋ ካርድ ላይ የሰፈረው ዋና ቅሬታ ይህ ነው፤ ራሷ እንደተናገረችው።

ዕድሜዋ 32 ነው፤ ከመሐል ሜዳ ወጣ ብሎ ካለ ቀበሌ የመጣች የሦስት ልጆች እናት። የመጨረሻውን ልጅ በኅዳር ወለደች። በጥር ማለቂያ የቀኝ እጇ አንጓ በአውራ ጣቷ በኩል ይወጋት ጀመር። በመጋቢት መጨረሻ በሞላሌና በጣርማበር አድርጋ ደብረ ብርሃን ከተማ ካለ ሆስፒታል ስትደርስ ጀበና አንሥታ ቡና መቅዳት፣ የልጇን ጨርቅ አጥባ መጭመቅ፣ የበር መወርወሪያ መሳብ አቅቷት ነበር። ሕመሙን ከ10 ስንት እንደምትሰጠው ስትጠየቅ 8 አለች። ሌሊት የሚቀሰቅሳትም ሕፃኑ ሳይሆን እጇ ነው።

ሥራዋን ሳይጠይቁ ይህን ሕመም መረዳት አይቻልም። መንዝ ብርዱ የጠና ደጋ ነው፤ በጉ ጠጉራም ነው፤ ከጠጉሩ ባናና ዝተት የሚባሉ ወፍራም የሱፍ ልብሶች ይሠራሉ። ሴቶች ይፈትላሉ፣ ወንዶች ይሸምናሉ። ታካሚዋ ልጁ በ40 ቀኑ ክርስትና እንደተነሣ ወደ እንዝርቷ ተመለሰች፤ ሸማኔው ለአንድ ባና የሚሆን ፈትል ስለሚጠብቅ በቀን 5 እና 6 ሰዓት ትፈትል ነበር። እንዝርቱን የምታሾረው በቀኝ አውራ ጣቷና በሌባ ጣቷ ቆንጥጣ ነው። በመካከሉ ሕፃኑን ታነሣለች፤ ሁለቱን አውራ ጣቶች በሰፊው ከፍታ፣ በብብቱ ሥር ይዛ፣ ወደ ላይ። በቀን ስንት ጊዜ እንደሆነ የቆጠረው የለም፤ ግን የአራት ወር ሕፃን ያላት እናት ከፈታይነቷ ጋር ተደምሮ አውራ ጣቷን የምታሳርፍበት ሰዓት ጥቂት ነው።

ስር የሚባለው ነገር

«ስር» በዘወትር ንግግራችን ብዙ ይሸከማል። ደም የሚያመላልሰውም ስር ነው፤ ነርቭም ስር ነው፤ ጡንቻን ከአጥንት የሚያያይዘው ጅማትም ስር ነው። «ዞረ» ሲባል ደግሞ ከቦታው የወጣ፣ ስቦ መመለስ ያለበት ነገር አለ ማለት ይሆናል። በዚህች ሴት እጅ ከቦታው የወጣ ነገር አልነበረም። ጅማቱ በቦታው ነው፤ የጠበበው የሚመላለስበት አፎት ነው።

ጅማት አንጓ ላይ ሲደርስ እንደ ጎራዴ በአፎት ውስጥ ይገባል፣ ይወጣል። በአውራ ጣት በኩል ያለው የመጀመሪያው አፎት ሁለት ጅማቶችን ያሳልፋል። አንደኛው ወፍራሙ ሲሆን አውራ ጣትን ወደ ውጭ ይከፍታል፤ ሁለተኛው ቀጭን ሲሆን ጣቱን ከሥሩ ያቃናል። የአፎቱ ወለል ከክንድ አጥንት ጫፍ ላይ በእጅ የሚዳሰሰው ጉብታ ነው፤ ጣሪያው ደግሞ 2 ሳንቲ ሜትር ያህል ርዝመት ያለው ጠንካራ ማሰሪያ ነው። አውራ ጣት ቆንጥጦ አንጓው ወደ ጎን በተጣመመ ቁጥር ሁለቱ ጅማቶች በዚያች ጠባብ መተላለፊያ ጥግ ላይ ታጥፈው ይፈተጋሉ። ሕመሙን እ.ኤ.አ. በ1895 የገለጸው ስዊዘርላንዳዊው ቀዶ ሐኪም ፍሪትዝ ደ ኬርቨን ስለሆነ እስከ ዛሬ በእሱ ስም ይጠራል።

የአፎቱ ውስጥ በስስ ሽፋን የተለበጠ ነው፤ ሽፋኑ እንደ እንቁላል ነጭ የሚያሟልጭ ፈሳሽ ያመነጫል። መገጣጠሚያዎችም ከውስጥ የዚሁ ዓይነት ሽፋን አላቸው፤ ካፖርት ገበር እንዳለው ማለት ነው። አፎቱና ገበሩ ዘመዳሞች በመሆናቸው በሽታቸው ይመሳሰላል፦ ጀርም፣ ቲቢ፣ እንደ ሩማቶይድ ያለ ሰውነት ራሱን የሚያጠቃበት ሕመም ሁለቱንም ያበግናል፣ ማለትም ያስቆጣል። የሚያስከትሉት ጉዳት ግን ለየቅል ነው። ገበር ሲበግን ውሃ ይቋጥራል፣ ያብጣል፣ ከቆየም የአጥንቱን ጫፍ የሸፈነውን ካርቲሌጅ ይበላል። አፎት ሲታመም ጅማቱ ይያዛል፤ መገጣጠሚያው ጤነኛ ሆኖ እጁ ሥራ ይፈታል። ስለዚህ መድኃኒት ከመታዘዙ በፊት የሚጠየቀው «ምን ያህል ያማል?» ሳይሆን «የቱ ነው የታመመው?» ነው።

ቀድሞ የተሞከረው

በሁለቱ ወራት ውስጥ ሦስት ነገር ተሞክሯል፤ አንዱም አልበጀም፤ ያልበጀበት ምክንያት ግን የተለያየ ነው።

ወጌሻው አራት ጊዜ በቅቤ አሽቶ አውራ ጣቷን ስቧል፤ ከዚያም አንጓዋን በጨርቅ አጥብቆ አስሯል። የወጌሻ እጅ ለወለቀ ትከሻ የሚያደርገው አለው፤ ጠቦ ለቆሰለ አፎት ግን መሳብ ማለት ሕመሙን የሚፈጥረውን እንቅስቃሴ በኃይል መድገም ነው። ጠባቡ እስር ደግሞ ሌላ ነገር ጨመረ። በዚያው ጉብታ ላይ፣ ከቆዳው ሥር፣ የአውራ ጣትን ጀርባ የሚያሰማ ቀጭን ነርቭ ያልፋል። ተጨፍልቆ ስለነበር ሆስፒታል ስትመጣ የአውራ ጣቷ ጀርባ ደንዝዞ፣ አንዳንዴም እንደ ሳማ ይለበልባት ነበር። እስሩ ከተፈታ በኋላ መደንዘዙ በአምስት ሳምንት ጠፋ።

ቀጥሎ ከመድኃኒት መደብር ዳይክሎፌናክ የተባለ የሕመም ማስታገሻ ገዝታ ለ12 ቀን ዋጠች። ጊዜው ሁዳዴ ነው፤ እስከ ቀኑ 9 ሰዓት እህል ስለማትቀምስ ጠዋት በባዶ ሆዷ ትወስደው ነበር። ሕመሙ ጋብ አለ፣ ጨጓራዋ ተቃጠለ፣ መድኃኒቱን ስታቆም ሕመሙ ተመለሰ። እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። ሕመሙ «ብግነት» ይባል እንጂ በቀዶ ሕክምና የተወሰደ የአፎት ጣሪያ በማይክሮስኮፕ ሲታይ በአመዛኙ የሚገኘው የወፈረና የተበላሸ ቃጫ ነው፤ የብግነት ሴሎች ጥቂት ናቸው። እንክብል ሕመምን ያስታግሳል፤ የወፈረን ጣሪያ አያሳሳም።

በመጨረሻ «ሪህ ነው» ተባለች። ሪህ በሕክምና ቋንቋ የዩሪክ አሲድ ጠጠር በመገጣጠሚያ ገበር ላይ ሲሰፍር የሚመጣ ሕመም ነው። የወር አበባ በምታይበት ዕድሜ ያለችን ሴት እምብዛም አይነካም፤ ኤስትሮጅን ኩላሊት ዩሪክ አሲዱን እንዲያስወግድ ስለሚያግዝ። በአገራችን ግን የሚቆረጥም ሁሉ ሪህ ነውና ስሙ ካርድ ላይ አንዴ ከተጻፈ ከታካሚው ጋር ዓመታት ይዞራል።

ምርመራው

እጆቿ ጎን ለጎን ጠረጴዛ ላይ ተቀመጡ። በቀኙ፣ በጉብታው ላይ፣ የባቄላ ፍሬ የሚያህል ሞላላ እብጠት ታየ፤ አቀማመጡ በጅማቱ መስመር ነው። መቅላት የለም፤ የሰውነቷ ሙቀት 36.7 ነው። በጣት ሲጫኑት የሚያመው ከጉብታው ላይ ብቻ ነው። አውራ ጣት ሲቃና ከሥሩ የሚሰረጉደው ጎድጓዳ ቦታ ሲጫን አላመማትም፤ አሟት ቢሆን፣ በተለይ ወድቃ ከነበረ፣ የተሰበረ ትንሽ አጥንት ይጠረጠር ነበር። የአውራ ጣቱ ግርጌ መገጣጠሚያ ተገፍቶ ሲፈጭም አላመማትም፤ ስለዚህ የመገጣጠሚያ መበላት አይደለም። ከአንጓው 4 እና 5 ሳንቲ ሜትር ከፍ ብሎ ክንዱ ላይ እንደ አዲስ ቆዳ የሚንቋቋ ነገርም አልተዳሰሰም፤ ያ የሌላ ጅማቶች መሻገሪያ ሕመም ነው።

ከዚያ የፊንከልስታይን ፈተና ተደረገ። አብዛኛው ሰው የሚያውቀው አውራ ጣትን በጡጫ ውስጥ ቀብሮ አንጓን ወደ ትንሿ ጣት ማጠፍን ነው፤ እሱ በእርግጥ የአይክሆፍ ፈተና ነው፤ ጤነኛውንም ሰው ያሳምማል። የፊንከልስታይኑ ለስለስ ይላል፦ እጇ ከጠረጴዛው ጫፍ ወርዶ በራሱ ክብደት ያዘነብላል፤ ካላመማት ሐኪሙ በቀስታ ያዘነብለዋል፤ መጨረሻ ላይ ብቻ አውራ ጣቷን ወደ መዳፏ ይጫናል። ታካሚዋ ገና በሁለተኛው ደረጃ እጇን ነጠቀች። ግራው እስከ መጨረሻው ተሄዶ አላመማትም።

አፎትን ከገበር የለየው ግን ሌላ፣ ቀላል ነገር ነው። አውራ ጣቷ ልል ሆኖ፣ ሐኪሙ አንጓዋን ወደ ላይና ወደ ታች ሲያንቀሳቅስ ምንም አላመማትም። ገበሩ ቢበግን ኖሮ በየትኛውም አቅጣጫ መንቀሳቀስ ያማል፤ እብጠቱም በመስመር ሳይሆን አንጓውን ዙሪያውን ይይዛል። በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚያም፣ ሲለጠጥና ኃይል ሲጠየቅ የሚብስ ሕመም የጅማት ነው።

ያም ሆኖ የገበሩ ጉዳይ በዚህ አልተዘጋም። ሩማቶይድ ከወሊድ በኋላ ባሉት ወራት ሊጀምር ወይም ሊያገረሽ ይችላል፤ ሲጀምርም አንዳንዴ የጅማት አፎት እብጠት መስሎ ነው። ስለዚህ ጠዋት እጇ ታስሮ የሚቆይበት ጊዜ ተጠየቀ፦ ሩብ ሰዓት ያህል አለች። በሩማቶይድ ብዙ ጊዜ አንድ ሰዓትና ከዚያ በላይ ይዘልቃል። የሁለቱም እጆቿ ጣቶች ከሥራቸው በአንድ ላይ ተጨመቁ፤ የእግሮቿም እንዲሁ፤ አላመማትም። የደም ምርመራው ብግነትን የሚጠቁመው ኢኤስአር በሰዓት 18 ሚሊ ሜትር፣ የሩማቶይድ ፋክተር ኔጌቲቭ፣ የነጭ ደም ሴል ቁጥር ጤነኛ ሆኖ ወጣ። ራጁ ንጹሕ ነው። ለእውነት ያህል ራጁ ባይነሣም ውሳኔው አይለወጥም ነበር።

ስለ እሾህም ተጠየቀች። ጥያቄው ከጉዳዩ የራቀ ሊመስል ይችላል፤ ግን ያልተበጠረ የበግ ጠጉር ጭጎጎትና እሾህ ይዞ ይመጣል። በመዳፍ በኩል ባለ የጣት አፎት ውስጥ ጀርም የገባ እንደሆነ ነገሩ የሰዓታት ነው። ምልክቶቹን የደረደረው አሜሪካዊው ቀዶ ሐኪም አለን ካናቬል ሲሆን አራት ናቸው፦ ጣቱ ሙሉውን እንደ ቋሊማ ያብጣል፤ ታጥፎ ይቀመጣል፤ በአፎቱ መስመር ሁሉ ሲነኩት ያማል፤ በቀስታ ሲያቃኑት ያስጮኻል። እንዲህ ያለ ጣት በዚያው ቀን ቀዶ ሐኪም ዘንድ መድረስ አለበት፤ ካልሆነ ጅማቱ ከአፎቱ ጋር ይጣበቃል ወይም ይሞታል። ሌላው በአገራችን ሊረሳ የማይገባው ቲቢ ነው። በመዳፍና በአንጓ በኩል ቀስ ብሎ፣ በወራት፣ ብዙም ሳያም ያብጣል፤ ሲከፈት ሩዝ የመሰሉ ነጫጭ ፍሬዎች ይወጣሉ። በሁለቱም ላይ ስቴሮይድ፣ ማለትም ብግነትን የሚያበርደውን መድኃኒት፣ መውጋት እሳት ላይ ቤንዚን መጨመር ነው። መርፌ ከመታሰቡ በፊት ይህ ሁሉ የተጠየቀው ለዚህ ነው።

ሕክምናው፣ መጀመሪያ ያልሠራው

የመጀመሪያው እርምጃ ማሳረፍ ነበር። ከክንዷ መሐል እስከ አውራ ጣቷ የላይኛው መታጠፊያ ድረስ ባለ 10 ድርብ ጄሶ በጥጥ ላይ ተደረገ፤ አንጓው ወደ ላይ ቀና ብሎ፣ አውራ ጣቱ ብርጭቆ እንደያዘ ተከፍቶ፤ የጣቱ ጫፍ መታጠፊያ ግን ነፃ ሆኖ። ሙሉ ዙሪያ አልተደረገም፤ በአንድ ጎን ብቻ ሆኖ በፋሻ ስለታሰረ ሊወልቅ ይችላል። ለሕመሙ ጠዋት ፓራሲታሞል 1 ግራም፣ ከ9 ሰዓት ምግብ በኋላና ማታ ከመኝታ በፊት ምግብ ቀምሳ አይቡፕሮፌን 400 ሚሊ ግራም፣ ለ10 ቀን። አይቡፕሮፌን ወደ ጡት ወተት የሚያልፈው እጅግ ጥቂት ስለሆነ ማጥባቷን አላቋረጠችም።

በሦስት ሳምንቱ፣ በሚያዝያ አጋማሽ ስትመለስ ሕመሙ ከ8 ወደ 6 ነው የወረደው። ጄሶው በሁለተኛው ሳምንት ረጥቦ ፈርሷል። ጥፋቱ የእሷ አይደለም፤ ውሃ የምትቀዳ፣ ሊጥ የምታቦካ፣ ጨርቅ የምታጥብ እናት ቀኝ እጇን በጄሶ አስራ ሦስት ሳምንት እንድትውል የጻፈው ሰው የቤቷን ቀን አላሰበም። በአልሙኒየም ዘንግና በጨርቅ የተሠራ፣ ወልቆ የሚደርቅ መደገፊያ በዚያው ቀን ተተካላት፤ ለሥራና ለሌሊት ብቻ እንድታስረው ተነገራት። እንዲያውም መንገዱ ሩቅ በመሆኑ የደም ውጤቱ እንደታየ በመጀመሪያው ጉብኝት መርፌው ቢሰጥ አንድ ጉዞ ይቀር ነበር ቢባል ያስኬዳል፤ ድጋፍ ብቻውን ይህን ያህል የከረመ ሕመም አልፎ አልፎ ነው የሚያድነው።

መርፌው የተሰጠው እንዲህ ነው። ሜቲልፕሬድኒሶሎን የተባለው ስቴሮይድ 20 ሚሊ ግራም፣ ማለትም ግማሽ ሚሊ ሊትር፣ ከግማሽ ሚሊ ሊትር 1 በመቶ ሊዶካይን (ማደንዘዣ) ጋር፤ አድሬናሊን የሌለበት። ቆዳው በአልኮል ከተጠረገና ከደረቀ በኋላ ቀጭን፣ 25 ቁጥር መርፌ በጅማቱ መስመር፣ 30 እና 45 ዲግሪ መካከል አዘንብሎ ገባ። ፈሳሹ እንቢ ካለ መርፌው ጅማቱ ውስጥ ነው፤ በኃይል አይገፋም፤ አንድ ሚሊ ሜትር ያህል ወደ ኋላ ሲሳብ ይለቃል። በትክክል ሲገባ አፎቱ ከጣት ሥር እንደ ተነፋ ቱቦ ሲሞላ ይሰማል። ታካሚዋ እስከ ጣቷ ጫፍ እንደ መብረቅ ከነዘራት ነርቩ ተነክቷል፤ መርፌው ወጥቶ ቦታ ይለወጣል። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት ሕመሙ ሊብስ እንደሚችል ካልተነገራት ተመልሳ ወደ ወጌሻው መሄዷ አይቀርም፤ ተነገራት።

ሁለተኛው ክፍል

በግንቦት መጨረሻ ሕመሙ 4 ነበር። ተሻሽላለች፤ ግን ጀበናው አሁንም ይከብዳታል። በዚህ ጊዜ ቀላሉ ውሳኔ «መርፌው አልሠራም» ብሎ መድገም ወይም ወደ ቀዶ ሕክምና መላክ ነው። ሐኪሙ ግን ሁለቱን ጅማቶች ለየብቻ ፈተነ። አውራ ጣቷን ወደ ውጭ እንድትከፍት ተደርጎ ሲከለከል አላመማትም። ጣቱን ከሥሩ እንድታቃና ተደርጎ ሲከለከል ግን ፊቷ ተኮማተረ። ወፍራሙ ጅማት ድኗል፤ ቀጭኑ አልዳነም።

አልትራሳውንዱ ምክንያቱን አሳየ። የአፎቷ ውስጥ አንድ ክፍል ሳይሆን በግድግዳ የተከፈለ ሁለት ክፍል ነው። ይህ በሽታ አይደለም፤ ብዙ ሰው እንዲህ ሆኖ ይፈጠራል፤ በእንክብልና በመርፌ የማይድኑት ዘንድ ደግሞ ይበዛል። የመጀመሪያው መድኃኒት በሰፊው ክፍል ቀርቷል፤ ቀጭኑ ጅማት ያለበት ጠባቡ ክፍል አልደረሰውም። ሁለተኛው መርፌ በአልትራሳውንድ እየታየ ወደዚያ ክፍል ተሰጠ፤ መጠኑ ያው ነው።

በዚያው ዕለት የፊዚዮቴራፒ ባለሙያዋ ሥራዋን እያሠራች አየቻት፤ ምክርም የተሰጣት በእንዝርቱና በሕፃኑ ነው። «እህቴ፣ ልጁን በብብቱ አትያዢው» አለቻት፤ አንድ መዳፍ ከመቀመጫው ሥር፣ ሌላው ከጀርባው፣ አውራ ጣቶች ከሌሎቹ ጣቶች ጋር ተገጥመው፣ ሸክሙ ክንድ ላይ እንዲወድቅ። እንዝርቱን ቆንጥጦ ማሾር ቀርቶ ዘንጉን በመዳፍ ጭን ላይ እያንከባለሉ መፍተል፤ በግማሽ ሰዓቱ ተነሥቶ ሌላ ሥራ መያዝ። ጨርቅ በእጅ ከመጠምዘዝ ግንድ ላይ አንጠልጥሎ በዱላ ማጠንጠን። ሕመሙ 2 ሲደርስ አውራ ጣቱን ከጎማ ማሰሪያ ጋር ቀስ ብሎ መክፈት፣ በቀን ሁለት ጊዜ 10 ጊዜ፤ ከዚያ በፊት ግን ማለማመድ የለም፤ ቸኩሎ ማጠንከር ሕመሙን መመለስ ነው።

በሐምሌ መጀመሪያ ሕመሙ 1 ነበር፤ እሱም ጠዋት ብርድ ሲሆን። የፊንከልስታይኑ ፈተና እስከ መጨረሻው ተሄዶ መለጠጥ እንጂ ሕመም አልሰማችም። በጉብታው ላይ የቡና ፍሬ የሚያህል ቆዳ ነጣ ብሏል፤ ስቴሮይዱ ያመጣው ነው፤ በወራት፣ አንዳንዴ ከዓመት በላይ ቆይቶ ይመለሳል። በጥቁር ቆዳ ላይ ጎልቶ ስለሚታይ ለምጽ መስሏት ደንግጣ ነበር፤ ይህን ከመርፌው በፊት የነገራት አልነበረም፤ ሊነገራት ይገባ ነበር።

ሦስተኛ መርፌ አይታሰብም፤ መደጋገሙ ጅማቱን ያደክማል፣ ቆዳውንም ያሳሳል። ሕመሙ ካገረሸ ቀጣዩ በሊዶካይን ብቻ፣ 2 ሳንቲ ሜትር ያህል ተከፍቶ የአፎቱን ጣሪያ መሰንጠቅ ነው። ስለዚህ በካርዷ ላይ «ስሬ ዞሯል» ከሚለው በታች በቀይ እስክሪብቶ አንድ መስመር ታክሏል፦ «ቀኝ እጅ፣ የመጀመሪያው አፎት ባለ ሁለት ክፍል ነው፤ የሚከፍት ሐኪም የቀጭኑን ጅማት ክፍል ሳይፈልግ እንዳይዘጋ።»